ዓይን የሌለው እንግዳ አዳማ ላይ ቢወድቅ ምን ይሰማል?

ጥያቄው ባጭሩ ይኸውና። «ጋሼ፣ የሳይንስ ልብ ወለድ እየሞከርኩ ነው። ዋናው ገጸ ባሕርይ ከሌላ ፕላኔት የመጣ ፍጡር ነው። አገሩ ሁሌ አቧራ ስለሆነ ዓይን የለውም። ውሻ ያህላል፣ ስድስት እግር አለው፣ ሁሉን ነገር የሚያውቀው የመሬቱን ንዝረት በእግሩ እየሰማ ነው። አንድ ሌሊት ከአዳማ ወጣ ብሎ፣ የንፋስ ተርባይኖቹ አጠገብ ይወድቃል። የሰው እርምጃ ከ10 ኪሎ ሜትር ይሰማል ብዬ ጽፌያለሁ። ይህ የስሜት አካል ምን ቢመስል ያሳምናል? አዳማ ሲገባስ ምን ምን ይሰማል?»

ጋሼ ካልከኝ አንተ እያልኩ ልቀጥል። እንጀራዬ መሬት መደብደብ ነው። ቀልዴን አይደለም። ሕንጻ ከመቆሙ ወይም የውኃ ጉድጓድ ከመቆፈሩ በፊት ቦታው ላይ የብረት ሳህን እናስቀምጣለን። በትልቅ መዶሻ እንመታዋለን። ንዝረቱ ከሥር ያለውን አፈርና ዐለት አልፎ ሲመጣ በጂኦፎን እናዳምጠዋለን። ጂኦፎን ማለት ከቡና ስኒ ብዙም የማይበልጥ፣ ከሥሩ ሹል ብረት ያለው ዕቃ ነው። ውስጡ በሞላ የተንጠለጠለ የሽቦ ጥቅልል አለ፣ መሐሉ ላይ ማግኔት። መሬት ሲነቃነቅ ትንሽ ኤሌክትሪክ ይወጣዋል። በቃ።

ስለዚህ ፍጡርህን ገና ሳነበው የሥራ ባልደረባ ያገኘሁ መሰለኝ። 10 ኪሎ ሜትሩን ግን ሰርዘው። ለምን እንደሆነ ስነግርህ የመልሱ ግማሽ እዚያው ውስጥ አለ።

ብዙ ሰው እንዲህ ያለ ፍጡር ሲፈጥር መጀመሪያ አካሉን ይሥላል። አንቴና፣ ረጃጅም ፀጉር፣ የሚርገበገብ ቆዳ። መሬቱን ይረሳዋል። እኔ ደግሞ መጀመሪያ መሬቱን ሥራ እልሃለሁ። ንዝረት ጠባዩን የሚያገኘው ከሚሄድበት መሬት ነው። ልል አሸዋ ላይ ሌላ ነው፣ ዐለት ላይ ሌላ ነው፣ ጭቃ ላይ ሌላ ነው። አገሩ ምን ዓይነት አፈር እንደሆነ ካልወሰንክ አካሉን ልትወስን አትችልም።

ንዝረት ከምንጩ ሲርቅ በሁለት መንገድ ይደክማል። አንደኛው በመስፋት ነው። ኩሬ ላይ ጠጠር ስትጥል ክቡ እየሰፋ ሞገዱ ዝቅ እንደሚለው ማለት ነው። በመሬት ገጽ ላይ ለሚሄድ ሞገድ ይህ ያን ያህል አይከፋም። ከ10 ሜትር ወደ 10 ኪሎ ሜትር ቢርቅ፣ ርቀቱ 1,000 እጥፍ ጨምሮ ሞገዱ የሚያንሰው 32 ጊዜ ያህል ብቻ ነው። ሁለተኛው ግን ምሕረት የለውም። መሬቱ ራሱ ንዝረቱን ይበላዋል። ልል አፈር ሲነቃነቅ ቅንጣቶቹ እርስ በርስ ይፋተጋሉ፣ ንዝረቱ ወደ ሙቀት ይለወጥና ይጠፋል።

በቁጥር ላሳይህ። አዳማ ዙሪያ የእሳተ ገሞራ አመድ፣ ፑሚስ የሚባለው ቀዳዳ የበዛበት ቀላል ድንጋይና ደለል የሞላበት ቦታ ብዙ ነው። የንዝረት ሞገድ በሰከንድ 200 ሜትር የሚሄድበት ልል አፈር ውሰድ። የሰው እርምጃ የሚፈጥረው ንዝረት በሰከንድ 20 ጊዜ ይርገበገባል እንበል። በዚህ አፈር 100 ሜትር ሲሄድ በመፋተጉ ብቻ ወደ አንድ አምስተኛ ይወርዳል። 1 ኪሎ ሜትር ሲደርስ ከሚሊዮን አንድ እንኳ አይቀርም። 10 ኪሎ ሜትር ላይ ስንት እንደሚቀር ልጽፍልህ ብል ከነጥብ በኋላ ከ60 በላይ ዜሮ መደርደር አለብኝ። ምንም ዓይነት አካል ብትሰጠው፣ የማይደርሰውን ነገር አይሰማም።

ያው እርምጃ ጠንካራ ዐለት ላይ ቢሆንስ? እዚያ ሞገዱ በሰከንድ 3,000 ሜትር ሊሄድ ይችላል፣ የሚበላውም በጣም ጥቂት ነው። 10 ኪሎ ሜትር ተጉዞ፣ መስፋቱም ተደምሮ፣ ከመቶ አንድ ገደማ ይተርፋል። ይሄ ተስፋ ይሰጣል። ግን እዚህም መሰናክል አለ። ዐለት ግትር ስለሆነ ሰው ሲረግጠው መጀመሪያውኑ ብዙም አይነቃነቅም። ጥሩ ጂኦፎን እንኳ ፀጥ ባለ ቦታ የሰው እርምጃ የሚይዘው በአሥር ሜትሮች በሚቆጠር ርቀት ነው። መቶ ሜትር ከደረሰ ደህና ነው።

እንግዲህ ምርጫው ያንተ ነው። አቧራው ጥልቅ ከሆነ ፍጡርህ የሚያውቀው ዓለም አንድ የኳስ ሜዳ ያህላል። ከዚያ ውጪ ያለው ለእሱ ጨለማ ነው። ለድርሰት መጥፎ አይመስለኝም፤ ጠላት ሁልጊዜ ከቅርብ ይመጣል። አቧራው ስስ ሆኖ ከሥሩ ደረቅ ዐለት ካለ ደግሞ ጨረቃን አስብ። የአፖሎ ጠፈርተኞች ከ1969 እስከ 1972 እ.ኤ.አ. ጨረቃ ላይ የንዝረት መለኪያ ተክለው ነበር። አፖሎ 12 ሥራውን የጨረሰ የመንኮራኩሩን ክፍል ሆን ብሎ መልሶ ጨረቃ ላይ ሲጥለው፣ ንዝረቱ አንድ ሰዓት ለሚጠጋ ጊዜ አልቆመም። እንደ ደወል። ጨረቃ ደረቅ ናት፣ ላይኛው ዐለቷም ተሰነጣጥቋል። ሞገዱ ከስንጥቅ ወደ ስንጥቅ እየተላጋ ይዞራል እንጂ ቶሎ አይሞትም። እንዲህ ያለ አገር የተወለደ ፍጡር ሩቅ ይሰማል። ግን ሁሉ ነገር በገደል ማሚቶ ይደበላለቅበታል። ማን ቀድሞ እንደረገጠ፣ ከየት እንደረገጠ ለመለየት ይቸገራል።

አሁን ወደ አካሉ ልምጣ። ተፈጥሮ ይህን ሥራ የሠራችባቸው መንገዶች ብዙ ናቸው፤ ለአንተ የሚሆኑት ሁለቱ ይመስሉኛል።

የመጀመሪያው ድንጋይ ነው። ባጃጅ ውስጥ ተቀምጠህ ሹፌሩ ድንገት ሲያስነሳው ወገብህ ከባጃጁ ጋር ይሄዳል፣ ጭንቅላትህ ወደ ኋላ ይቀራል። ነገሩ ይኸው ነው። ሰውነቱ ውስጥ ከባድ ነገር በለስላሳ ነገር ላይ አስቀምጥ። መሬት ሲነቃነቅ ሰውነቱ አብሮ ይነቃነቃል፣ ድንጋዩ ይዘገያል። ያቺ መዘግየት ቀጫጭን ፀጉሮችን ታጎብጣለች፣ ፀጉሮቹ ነርቭ ይቀሰቅሳሉ። አንተም አለህ። በውስጠኛው ጆሮህ፣ ሚዛን በሚጠብቀው ክፍል፣ ደቃቅ የካልሲየም ጠጠሮች ሙጫ መሳይ ነገር ላይ ተቀምጠዋል። በናሚብ በረሃ አሸዋ ውስጥ የሚኖረው ወርቃማው ፍልፈል ደግሞ ነገሩን አጋኖታል። ዓይኑ አያይም። ጆሮው ውስጥ መዶሻ የምትባለው አጥንት ለሰውነቱ ከልክ በላይ ትልቅ ናት። ሲያድን ጥቂት ይሄዳል፣ ይቆማል፣ ጭንቅላቱን አሸዋ ውስጥ ይነክራል፣ ያዳምጣል፣ እንደገና ይሄዳል።

የድንጋዩ መንገድ ግን ዋጋ ያስከፍላል፣ ይህን ጸሐፊዎች አያውቁትም። ድንጋዩ የተንጠለጠለበት ጅማት ዘገምተኛ ንዝረት እንዲሰማ ከፈለግክ በጣም ልል መሆን አለበት። ልል ከሆነ ድንጋዩ በራሱ ክብደት ይረግባል። በሰከንድ 10 ጊዜ ለሚርገበገብ ንዝረት የተቃኘ ጅማት የሚረግበው 2 ሚሊ ሜትር ተኩል ነው። በሰከንድ 1 ጊዜ ለሚርገበገብ የተቃኘው ግን 25 ሴንቲ ሜትር ይረግባል። ድንጋዩ ቢከብድም ቢቀልም ቁጥሩ ያው ነው። ውሻ የሚያህል እንስሳ ሆዱ ውስጥ 25 ሴንቲ ሜትር የሚንጠለጠል ከረጢት ተሸክሞ ሲሮጥ ይታይህ። ስለዚህ ትንሽ ፍጡር የእርምጃን ቶሎ ቶሎ የሚል ንዝረት ይሰማል፣ የከባዱን ዘገምተኛ ጉርምርምታ ግን አይሰማም።

እዚህ ላይ ለድርሰትህ የሚሆን ነገር አለ። የፕላኔቱ ስበት እንደ ማርስ ይሁን፣ የኛ 38 በመቶ ያህል። እዚያ 1 ሚሊ ሜትር ብቻ ይረግብ የነበረው ድንጋይ አዳማ ሲደርስ 2 ሚሊ ሜትር ተኩል ይረግባል። ጅማቱ ይለጠጣል፣ ድንጋዩ ወለሉን ይነካል፣ ፀጉሮቹ ከሥሩ ይጨፈለቃሉ። ማለትም ፍጡርህ ምድርን በረገጠበት ቅጽበት ይደነቁራል። ጆሮው እየጮኸ፣ ዓይን ሳይኖረው፣ የማያውቀው አገር ላይ። እኔ ብሆን ምዕራፉን ከዚያ እጀምረው ነበር።

ሁለተኛው መንገድ ስንጥቅ ነው። እሱን ከጊንጥ ትማራለህ። ጊንጥ በእያንዳንዱ እግሩ፣ ከመርገጫው ከፍ ብሎ፣ በጠንካራው ቅርፊት ላይ እንደ ፀጉር የቀጠኑ ስንጥቆች አሉት። እግሩ ላይ ጫና ሲመጣ ቅርፊቱ በጣም በትንሹ ይጎብጣል፣ ስንጥቆቹ ይጨመቃሉ፣ ከሥራቸው ያለው ነርቭ ይነቃል። ድንጋይ የለ፣ ከረጢት የለ። በ1970ዎቹ ፊሊፕ ብራውኔል የተባለ ተመራማሪ በካሊፎርኒያ ሞሃቬ በረሃ የሚኖር የአሸዋ ጊንጥ አጥንቷል። ጊንጡ ግማሾቹ እግሮቹ በአንድ ወገን፣ ግማሾቹ በሌላ ወገን እንዲቆሙ አደረገ። ከዚያ አንዱን ወገን ከሌላው ቀድሞ ነቀነቀው። ጊንጡ ወደ ቀደመው ወገን ዞረ። ልዩነቱን ወደ ሺኛ ሰከንድ አንድ አምስተኛ አሳንሶትም ጊንጡ ለየው።

ዝሆን ሌላ መንገድ አለው፣ ተረከዙ ውስጥ ያለው የስብ ትራስና በቆዳው ሥር ያሉ ንዝረት ጠቋሚዎች። ውሻ ለሚያህል ስድስት እግር ላለው ፍጡር ግን አይስማማውም፣ ተወው።

እንግዲህ ምክሬ ሁለቱን አዳብል ነው። በእግሮቹ ላይ ስንጥቅ፣ ለአቅጣጫ። በደረቱ ውስጥ ድንጋይ፣ ሰውነቱ የቻለውን ያህል ዘገም ላለው ንዝረት። ምድር ላይ ሲወድቅ ድንጋዩ ይበላሽበትና ስንጥቆቹ ብቻ ይቀሩለታል። ቀስ እያለ ይለምዳል።

አቅጣጫን እንዴት ያውቃል? ከሥራዬ አንድ ነገር ልንገርህ። አዳማ ዳር አንድ ባዶ ቦታ ላይ 24 ጂኦፎን በየ3 ሜትሩ ደርድረን እየሠራን ነበር። መዶሻው ገና አልተነሳም፣ ስክሪኑ ላይ ግን ምት ይታያል። ዱም፣ ዱም፣ ዱም። ልጆቹን «ማነው የሚረግጠው?» አልኩ። ሁሉም እንደ ቆመ ነው። አንዱን ምት ቀርጸን ስናየው መጀመሪያ የነቃው 17ኛው ጂኦፎን ነው። ቀጥሎ 16ኛውና 18ኛው፣ ከዚያ 15ኛውና 19ኛው፣ እንዲያ እያለ ወደ ሁለቱም ዳር ይወርዳል። ስክሪኑ ላይ ልክ የቆርቆሮ ቤት ጣሪያ ይመስላል፣ ጫፉ 17 ላይ። ዞር ብለን 17ኛው ትይዩ ያለውን አጥር አየን። ከአጥሩ ጀርባ አንዲት እናት ቡና እየወቀጡ ነው። ሄጄ ጥቂት እንዲታገሱን ለመንኳቸው። «ሦስተኛው ሳይጠጣ የምን ሥራ ነው፣ ግቡ» አሉን። ገባን። ያን ቀን መሬቱን የደበደብነው ከሰዓት በኋላ ነው።

ፍጡርህ የሚያደርገው ይህንኑ ነው። ጂኦፎኖቹ እግሮቹ ናቸው። የትኛው እግር ቀድሞ ነቃ? ልል አሸዋ ላይ፣ ሞገድ በሰከንድ 50 ሜትር በሚያዘግምበት፣ በ1 ሜትር የተራራቁ ሁለት እግሮች መካከል ያለው ልዩነት የሰከንድ አንድ ሃምሳኛ ነው። ለነርቭ ሰፊ ጊዜ ነው። ዐለት ላይ ግን ሞገዱ ያቺን 1 ሜትር በአንድ ሦስተኛ ሺኛ ሰከንድ ያልፋታል። ጊንጡ ሊለየው ይችላል፣ ግን ጠርዝ ላይ ነው። ስለዚህ ዐለት ላይ ሲቆም እግሮቹን በጣም ያንሰራፋ፣ አሸዋ ላይ ሰብሰብ ያድርግ። አንባቢው ሳትነግረው ይገባዋል፤ እግሩን ሲዘረጋ ካየ «መሬቱ ጠንክሮበታል» ይላል።

ርቀቱንስ? ንዝረት ሲነሳ ከአንድ ምት ሁለት ዓይነት ሞገድ ይወጣል፣ ፈጣንና ዘገምተኛ። አብረው ይነሳሉ፣ ግን እየራቁ ሲሄዱ ይለያያሉ። ልዩነታቸው በሰፋ ቁጥር ምንጩ ሩቅ ነው። መብረቅ አይተህ ነጎድጓዱን እስክትሰማ እንደምትቆጥረው ነው። ለዚህ ሩቅ መሄድ አያስፈልግህም። በ2017 ዓ.ም. በፈንታሌና በመተሐራ አካባቢ ወራት የፈጀውን መንቀጥቀጥ ታስታውሳለህ፣ በየካቲት መጠኑ 6 የደረሰውን ጨምሮ። ፈንታሌ ከአዳማ ቀጥታ ቢለካ ከ80 ኪሎ ሜትር በላይ ነው። በዚህ ርቀት በሁለቱ ሞገዶች መካከል 10 ሰከንድ ገደማ አለ። እኔ ቤት በአንዱ ሌሊት መጀመሪያ ብፌው ውስጥ ያሉት ብርጭቆዎች ኪሊሊ አሉ። ተነስቼ ተቀመጥኩ። ልቆጥር አስቤ 7 ላይ ስደርስ አልጋው ተወዛወዘ፣ ባለቤቴ «ልጆቹን!» ብላ ስትጮኽ ቁጥሩ ጠፋኝ። ፍጡርህ ግን አይጠፋውም። ከመወዛወዙ በፊት «80 ኪሎ ሜትር፣ ወደ ሰሜን ምሥራቅ» ብሎ ጨርሷል።

ይህን ያህል ርቀት የሚሰማው ግን መሬት ሲናወጥ ነው። ለእርምጃ አይደለም። ሁለቱን አታምታታቸው።

አሁን ደግሞ በጣም የምወደውን ክፍል። ሜዳ ላይ መዶሻ ከማንሳታችን በፊት አንዱ «ዝም!» ይላል። ዝም ማለት ወሬ ማቆም ብቻ አይደለም። ማንም አይራመድም። እግሩን የሚያክ የለም። ወተት የምትመስል ፀጥታ ትሆናለች። ከዚያ መዶሻው ይወርዳል። ለምን ቢባል፣ ጂኦፎኑ አጠገብ ያለ ሰው አንድ እርምጃ ከ60 ሜትር ማዶ ከሚመጣው የመዶሻ ምት ይበልጣል።

ፍጡርህም ይህ ችግር አለበት፣ ያውም በስድስት እግር። ሲራመድ የሚሰማው ራሱን ብቻ ነው። ሲሮጥ ደንቆሮ ነው። ለመስማት መቆም አለበት። ወርቃማው ፍልፈል እየቆመ የሚሄደው፣ ጊንጥ አሸዋ ላይ ድንጋይ መስሎ የሚጠብቀው ለዚህ ነው። እያሳደዱት ከሆነ ደግሞ አስበው። መሮጥ አለበት፣ ግን እየሮጠ አሳዳጁ የት እንደደረሰ አያውቅም። ለማወቅ መቆም አለበት። ሲቆም ይደረስበታል። በተኩስና በፍንዳታ ልትሞላው ካሰብከው ምዕራፍ ይህ ይሻላል። አዎ፣ የገዛ እግሩን ምት አእምሮው ቀድሞ ስለሚያውቀው ይቀንሰዋል ልትል ትችላለህ፤ እኛም ራሳችንን ኮርኩረን የማንስቀው እንዲያ ስለሆነ ነው። ሙሉ በሙሉ ግን አትፍቀድለት።

እግሩ መሬቱን እንዴት እንደሚነካም አትርሳ። ጂኦፎን ስንተክል መጀመሪያ ላይ ያለውን አቧራ በጫማ ተረከዝ እንጠርጋለን። ከሥር ጠንከር ያለው አፈር ሲመጣ ሹሉን ቀጥ አድርገን እንጫነዋለን። ነካ ስናደርገው መነቃነቅ የለበትም። ከተነቃነቀ ስክሪኑ ላይ የሚመጣው የዶሮ ጭረት ነው። ስለዚህ የፍጡርህ መርገጫ እንደ ውሻ ለስላሳ አይሁን። ሲቆም ከእግሩ መሐል የሚወጣ፣ አቧራውን በስቶ ጠንካራውን አፈር የሚነካ ሹል ቀንድ ስጠው። ከሄደ በኋላ ዱካው ስድስት ትናንሽ ቀዳዳ ይሁን። የሰፈሩ ልጆች ጠዋት ያገኙታል።

እንግዲህ አዳማ ምን ይሰማል? በመጀመሪያ ንፋስ። የአዳማን ንፋስ ለአንተ አልነግርህም። ንፋስ ግራሩን ያወዛውዛል፣ ግራሩ ሥሩን ይጎትታል፣ ሥሩ አፈሩን ይነቀንቃል። እኛ ከሰዓት በኋላ ንፋሱ ሲበረታ ጂኦፎኖቹን ከሣሩ አርቀን ቆፍረን እንቀብራቸዋለን። ማርስ ላይም ችግሩ ይኸው ነበር። በ2018 እ.ኤ.አ. ማርስ ላይ ያረፈው ኢንሳይት የተባለ መንኮራኩር የንዝረት መለኪያውን የንፋስ መከላከያ ክዳን ደፍቶበት ነበር። ያም ሆኖ ቀን ቀን ንፋሱ ያስቸግረው ነበር፣ ደህና አድርጎ የሚሰማው ንፋሱ ጋብ ሲል ነው። ከ1,300 በላይ የማርስ መንቀጥቀጦችን መዝግቦ በ2022 መጨረሻ ሥራው አበቃ።

ከዚያ ተርባይኖቹ። በሁለቱ ዙር የተተከሉት 136 ናቸው፣ እያንዳንዳቸው ሦስት ክንፍ። ክንፍ በምሰሶው ፊት ባለፈ ቁጥር ምሰሶው ትንሽ ይገፋል፣ መሠረቱም መሬቱን ይገፋል። ንፋሱ ሲበረታ ይህ በሰከንድ ወደ አንድ ጊዜ ይጠጋል። በስኮትላንድ ኤስክዴልሙር የሚባል የንዝረት መመዝገቢያ ጣቢያ አለ፤ ተርባይን ከብዙ ኪሎ ሜትር ስለሚረብሸው በዙሪያው ስንት መተከል እንደሚችል ገደብ ተጥሏል። ለፍጡርህ ግን ያ የ25 ሴንቲ ሜትር ከረጢት ጉዳይ እዚህ ይመጣል። ከረጢቱ ከሌለው ዋናውን ምት አይሰማም። የሚሰማው ምሰሶው ራሱ የሚንቀጠቀጠውን ፈጠን ያለውን ነው። 136 ግዙፍ እንስሳት እዚያው ቆመው የሚተነፍሱ ይመስለዋል። ይህ ሰው የሠራው ነገር ነው ብሎ እንዴት ይገምታል? እንዳይገምት አድርገው።

ወደ ከተማው ሲጠጋ አስፋልቱ ይመጣል። ሲኖትራክ ጉድጓድ ውስጥ ሲገባ ከሩቅ ይሰማዋል። የጅቡቲ መስመር የጭነት ባቡር ካለፈማ ሌላው ሁሉ ይዋጥበታል። የጋሪ ፈረስ ሳይሮጥ ሲራመድ ደህና ይለየዋል፣ ምቱ አራት አራት ስለሆነ። ሰው በሰከንድ ሁለት ጊዜ ያህል ይረግጣል፣ ከሁለት እግር ውጪ ምንም የለም። ሁለት እግር ብቻ ኖሮት የማይወድቅ ፍጡር! ስድስት እግር ላለው ይህ በጣም ይገርመዋል። ከረጢቱ ወደ 9 ሜትር መርገብ ቢችል ኖሮ ደግሞ የባሕር ሞገድ የሚያስነሳውን፣ በየ6 ሰከንዱ ገደማ ምድርን ሁሉ የሚያነቃንቀውን ዘገምተኛ ንዝረት አዳማ ላይ ቆሞ ይሰማ ነበር። የባሕር በር ባይኖረንም ጉርምርምታው ይደርሰናል።

ኮንዶሚኒየም ውስጥ ካስገባኸው ግን አበደ። እኔ የምኖረው ሦስተኛ ፎቅ ነው። መሬት ቤት ሙቀጫ ሲወቀጥ እዚህ ትራሴ ውስጥ ይሰማኛል። ኮንክሪት ንዝረትን እንደ አቧራ አይበላም። የሚወቀጠው ቡና ይሁን በርበሬ እንኳ ለይቼ አውቃለሁ፣ የበርበሬው ምት ከበድና ዘግየት ይላል። ፍጡርህ በአንድ ደረጃ ላይ ቆሞ የ20 ቤት ኑሮ በአንዴ ይሰማል። የሚያለቅስ ሕፃን አይሰማም፣ እሱ በአየር ነው። የሚንጎራደድ አባት ግን ይሰማል፣ ከመስኮት ወደ በር፣ ከበር ወደ መስኮት።

መነጋገሪያም ከፈለግክ ሩቅ አትሂድ። የኛ ፍልፈል የሩቅ ዘመዶች፣ በመካከለኛው ምሥራቅ የሚኖሩት ዕውር ፍልፈሎች፣ ጭንቅላታቸውን ከዋሻቸው ጣሪያ ጋር እያጋጩ ይጠራራሉ። ፍጡርህ የሙቀጫውን ምት ሰምቶ «ሰላምታ ነው» ብሎ ቢመልስ አልፈርድበትም።

ከመጻፍህ በፊት አንድ ነገር ሞክር። ስልክህ ውስጥ እንቅስቃሴ የሚለካ ዕቃ አለ፤ ንዝረቱን በመስመር የሚያሳይ ነፃ አፕ ጫን። ስልኩን ሲሚንቶ ወለል ላይ አስተኛው፣ እህትህን ወይም ወንድምህን በ1 ሜትር፣ ከዚያ በ3 ሜትር ርቀት አስረግጣቸው። ቀጥለህ ውጪ የተጠቀጠቀ አፈር ላይ፣ በመጨረሻ የግንባታ አሸዋ ክምር ላይ ሞክረው። መስመሩ የት ቦታ እንደሚሞት በደብተር ጻፍ። አንተም ስትመዘግብ አትንቀሳቀስ። ስልኩን ደግሞ ፍራሽ ላይ እንዳታስቀምጠው፣ ምንም አታይም።